ጄት ላግ የያዛት ጃፓናዊት

ጃፓን ሄጄ አላውቅም። ለጃፓን በጣም የቀረብኩት እዚሁ አሜሪካ፣ የምንኖርባት ኦሮራ ከተማ፣ ሃቫና ስትሪት ላይ ባለው የኮሪያኖች ግሮሰሪ ውስጥ፣ የደረቀ የባሕር ቅጠል እስከተደረደረበት መደርደሪያ ድረስ ነው። እሱንም እናቴ ሩዝ ግዛ ብላ ልካኝ፣ መደርደሪያው ጠፍቶብኝ። ስለ ጃፓን ሙታን ግን ጠይቁኝ። ምን እንደሚለብሱ፣ በየትኛው ወር እንደሚመጡ፣ ፀጉራቸውን ለምን እንደማይሰበስቡ አንድ በአንድ እነግራችኋለሁ። ባትጠይቁኝም እነግራችኋለሁ።

አመሌ ነው፣ ምን ላድርግ? አንድ ነገር ካወቅሁ ለሰው እስክነግር እንቅልፍ የለኝም። ሥራዬ ኤርፖርት ፓርኪንግ ላይ ሻትል፣ ተጓዥ የሚያመላልሰውን ሚኒባስ፣ መንዳት ነው። አንድ ቀን ከኋላዬ የተቀመጠ ሰውዬ ምን እንደሚመጣበት ሳያውቅ «ከሥራ ውጭ ምን ትወዳለህ?» ብሎ ጠየቀኝ። ለጨዋታ ያህል ነው እንጂ የእውነት ማወቅ ፈልጎ አልነበረም። እኔ ግን ድሮ፣ ኮምፒውተር ሳይኖር፣ በካሜራ ሙት እንዴት እንደሚሠራ ማስረዳት ጀመርኩ። መጀመሪያ ባዶውን ቤት ታነሳለህ። ከዚያ ፊልሙን ወደ ኋላ ታጠነጥንና እዚያው ላይ ሴት አቁመህ ደግመህ ታነሳለህ። ፊልሙ ሲታጠብ ግድግዳው በሴትዮዋ ሆድ ውስጥ አልፎ ይታያል። በቃ፣ ሞተች! ሰውዬው አፉን ከፍቶ እየሰማኝ ተርሚናሉ ጋ ደረስን፤ አፉን እንደከፈተ ወረደ። ሻንጣው እኔ ጋ ቀረ።

ማን አስተማረህ እንዳትሉኝ። ማንም። ላይብረሪ ዲቪዲ በነጻ እንደሚያውስ ያወቅሁት የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ሳለሁ ነው። አዲስ አዲሶቹን ሰው ተሻምቶ ወስዷቸዋል። የቀሩት ጥቁርና ነጭ የሆኑ፣ ድምፅ የሌላቸው፣ ማንም የማይነካቸው የጃፓን ፊልሞች ነበሩ። እኔ ደግሞ ሰው የተወው ነገር ያሳዝነኛል። ወሰድኳቸው። በዚያው ቀረሁ።

የጃፓን የሙት ፊልም ሲባል ሰው የሚያስጮህ ነገር ይመስለዋል። የድሮዎቹ አያስጮሁም። ያስተክዛሉ። ነጭ የለበሰች፣ ፀጉሯ የተበተነ፣ ከጉልበቷ በታች እየደበዘዘች የምትጠፋ ሴት ትመጣለች። እግር የላትም። ልታንቅ አይደለም የመጣችው። (አንዳንዷ ታንቃለች፤ አልዋሽም። ግን ምክንያት አላት።) ያልጨረሰችው ነገር አለ። ያላሳደገችው ልጅ፣ ያልተሰናበተችው ባል። ወይም እሷ ጨርሳ፣ ቤት የቀረው ሰው ነው አልጨርስ ያለው። ወቅትም አላቸው። በሙቀታቸው ወራት የሙታን በዓል አለ፤ ፋኖስ አብርተው የሞቱባቸውን ይቀበላሉ፣ ከዚያ ደግሞ በክብር ይሸኛሉ። ሲኒማ ቤቶቹም የሙት ፊልም የሚያወጡት በዚያው ሰሞን ነበር፣ ሰውን ብርድ ብርድ እንዲለው። ኤሲ ሳይፈጠር ማለት ነው።

የእኛ ሙታን ጨዋዎች ናቸው። በር አያንኳኩም። በሕልም መጥተው «ጠምቶኛል» ይላሉ፤ ጠዋት ተነስተን ለነዳያን አንድ ነገር እንሰጣለን፤ አበቃ። እኛን የሚያስፈራን ሙቱ አይደለም። መርዶው ነው።

ቆይ፣ ወደ መርዶው ከመሄዴ በፊት አንድ ነገር ብቻ ላስረዳ። አንድ ብቻ። በድምፅ አልባው ዘመን የጃፓን ሲኒማ ቤት ውስጥ፣ ከስክሪኑ ጎን የሚቆም ሰው ነበር። ቤንሺ ይሉታል። ሥራው ምን መሰላችሁ? ማስረዳት! ይህቺ ሚስቱ ናት፣ ያ ጠላቱ ነው፣ አሁን ያለቀሰችው በዚህ ምክንያት ነው እያለ፣ የሁሉንም ድምፅ ብቻውን እያወጣ ይተርካል። ከተዋናዩ ይልቅ እሱን ብሎ የሚመጣ ሰው ነበር አሉ። ሌላው ዓለም ድምፅ ያለው ፊልም ካየ በኋላ እንኳ ጃፓኖች ቶሎ አልተዉትም። ይህን ያነበብኩ ቀን ትክዝ አልኩ። ለካ እኔ የተፈጠርኩበት ሥራ ነበር። መቶ ዓመት ዘግይቼ፣ ኦሮራ ላይ ተገኘሁ እንጂ።

እሺ፣ መርዶ።

መርዶን ታውቁታላችሁ፤ ቢሆንም ልንገራችሁ። ዘመድ ለሞተበት ሰው በስልክ አይነገረውም። ይደበቃል። ቤተ ዘመድና ጎረቤት ይመክራል፤ ሽማግሌ ይመረጣል፤ ጎህ ሳይቀድ ተሰብስበው ሄደው፣ ዙሪያውን ይዘው፣ ቀስ ብለው ያረዱታል። ብቻውን እንዳይወድቅ ነው። እዚህ አገር ግን ችግር አለው። እዚህ ሁሉም በመኪና ነው የሚመጣው። አንድ ጊዜ ፓርክ ሂል ሰፈር ውስጥ አሥራ አንድ መኪና በሌሊት ደጃፉ ላይ ተደርድሮ ያየ ሰው፣ ማንም አፉን ሳይከፍት በመስኮቱ በኩል ማልቀስ ጀመረ። አሥራ አንድ መኪና ያየ ሐበሻ ምን መርዶ ያስፈልገዋል? ጎረቤቱ አሜሪካዊ ደግሞ ለለቅሶ የመጡትን ታጣፊ ወንበሮች አይቶ፣ በፒጃማው ወጥቶ አሮጌ ዕቃ የምትሸጡበት ጋራዥ ሴል ነው ወይ ብሎ ጠየቀ። ከዚያ ወዲህ ደንብ ወጣ፦ መኪና ሁለት ብሎክ ርቆ ፓርክ ይደረጋል።

ባለፈው ሐምሌ መርዶው የጋሽ ደምሴ ሆነ።

ጋሽ ደምሴ ከእኛ ቤት ሁለት ቤት አልፎ ነው የሚኖሩት። ብቻቸውን ናቸው። ድሮ ታክሲ ይነዱ ነበር፤ አሁን ጡረታ ወጥተዋል። መንዳት ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው። በኦሮራ ውስጥ እኔን እስከ መጨረሻ የሚሰማ አንድ ሰው ቢኖር እሳቸው ናቸው። ሌላው ሰው ማውራት ስጀምር ቁልፉን ይፈልጋል። እሳቸው «እሺ፣ ከዚያስ?» ይላሉ። «ከዚያስ» የሚል ሰው እኮ ወርቅ ነው።

ደሴ ያሉት ታላቅ እህታቸው እትዬ አስካለ ማክሰኞ ዐረፉ። ጋሽ ደምሴን ያሳደጓቸው እሳቸው ናቸው። ጋሽ ደምሴ ዘወትር ቅዳሜ፣ ልክ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ላይ ለእህታቸው ይደውላሉ። ሰዓታችሁን በጋሽ ደምሴ ስልክ መሙላት ትችላላችሁ። ዜናው ለእናቴ ሐሙስ ደረሰ። የጋሽ ደምሴ ልጅ ሰላም ሲያትል ነው ያለችው፤ ቅዳሜ ማታ እንጂ ከዚያ በፊት መድረስ አልቻለችም። ያለ እሷ ደግሞ መርዶ አይነገራቸውም፤ ደም ብዛት አለባቸው። ስለዚህ እሁድ ጎህ ሲቀድ ይሁን ተባለ።

«ቅዳሜን አንተ ትይዛቸዋለህ» አለችኝ እናቴ።

«ለምን እኔ?»

«አንተ አፍህን ከከፈትክ ማን ስልክ ያነሳል?»

ሙገሳ ነው ብዬ ወሰድኩት። በዚያ ላይ ሌላ አደራም ሰጠችኝ። «አንተ እንደሆንክ ይሄን ነገር ታውቃለህ፤ የምንመካከርበት ግሩፕ ክፈትልን።» ይሄማ ሥራ ነው? የሰፈራችንን የእድር ግሩፕ ከፍቼ፣ ያለውን ሰው በአንድ ንክኪ ወደ አዲሱ አዛወርኩ። ስሙን «እሁድ ጠዋት» አልኩት፤ ማንም በድንገት ቢያየው የጸሎት ነገር እንዲመስለው። ሃያ አራት ሰው፣ በሁለት ደቂቃ! እናቴ ግንባሬን ሳመችኝ። ወዲያው የመጀመሪያውን መልእክት ጻፈች። ከዚያ ወዲያ ግሩፑ እንደ ንብ ቀፎ ነው። ቆሎ ማን ይቁላ? ወንበሩ ማን ጋ ነው? ወንበሩ ራቅ ብሎ እንግልውድ ነው፤ የያዘችው ሴትዮ ሆስፒታል ቅዳሜና እሁድ ሺፍት አላት። ታዲያ ማን ያምጣው? ዝምታ። ውሃስ ተገዛ? ዝምታ። ሁሉም እጁን አጣጥፎ የጸሎት ምልክት ይልካል። የጸሎት ምልክት ወንበር አይሸከምም።

ቅዳሜ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ሦስት ዲቪዲ በክንዴ ይዤ በራቸውን አንኳኳሁ። ጋሽ ደምሴ ፂማቸው አድጓል።

«ምነው ጋሼ፣ ሊመነኩሱ ነው?»

«ለመላጨት ሰነፍኩ። ግባ።»

ገባሁ። የመጀመሪያው ሥራዬ ስልኩን መንጠቅ ነበር። ሌሊቱን ሙሉ ያዘጋጀሁትን ውሸት አወጣሁ። ስልክዎ አፕዴት ይፈልጋል፤ ካልተደረገለት ይቃጠላል፤ አፕዴቱ ደግሞ ቀኑን ሙሉ ነው የሚፈጀው፤ በሰው ኪስ ውስጥ ሙቀት ካላገኘም አይሠራም። ሁለተኛና ሦስተኛ ውሸትም ነበረኝ፣ «እህቴ ጋ ልደውል» ቢሉኝ የምመልሰው። አላስፈለገኝም። ስልኩን ከጠረጴዛው ላይ አንስተው ሰጡኝ። «ያዘው። እሱም ደክሞታል» አሉ። በግራ ኪሴ የኔን፣ በቀኝ ኪሴ የሳቸውን ይዤ ተቀመጥኩ። አልከፈትኩትም፤ የሰው ስልክ አልነካም፣ ጨዋ ነኝ። ግን ሁለቱም ኪሶቼ አንድ ላይ እየነዘሩ መቀመጫ ነሱኝ። ግራው ዝዝ ሲል ቀኙም ዝዝ። የዛሬ ሰው ወሬ በዛ ብዬ አለፍኩት።

ልክ ሦስት ሰዓት ሲሆን ጋሽ ደምሴ የግድግዳውን ሰዓት አዩ። ተነስተው መታጠቢያ ቤት ገቡ። ቆዩ። ውሃ ሲፈስ ይሰማኛል። እኔ ሶፋው ላይ ሆኜ በዕድሌ ተደነቅሁ። ሰዓቱን ረሱት! አልኩ በልቤ። ብልጥ ነኝ ብሎ ራሱን የሚያደንቅ ሰው ካያችሁ፣ እዘኑለት።

ከምሳ በኋላ ሙቀቱ ሲጠናብን ቤዝመንት ወረድን። ከሦስቱ ዲቪዲዎች አንዱን መረጥኩ። ሽፋኑ ላይ ወንዝና ጀልባ አለ። ዓሣ ማጥመድ ነው ብዬ ነው፤ ከዓሣ የበለጠ ምን ሰላማዊ ነገር አለ? ጀርባው ላይ አንድ አንቀጽ እንግሊዝኛ ተጽፎበት ነበር። አላነበብኩትም። ሁሉን አስረዳለሁ የሚል ሰው የራሱን ጀርባ መቼ ያነባል? ፊልሙ ድምፅ የለውም፤ በመሃል በመሃል የሚወጣው ጽሑፍም ጃፓንኛ ብቻ ነው። «እኔ ቤንሺ እሆናለሁ» አልኩና ከቴሌቪዥኑ ጎን ቆምኩ። ጋሽ ደምሴ ጋቢያቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው «እሺ፣ ከዚያስ?» አሉ። ገና ሳይጀመር!

ጀመረ። ወንዝ ዳር ልብስ የምታጥብ ሴት አለች። ደመና። ውሃው ይሞላል። ባዶ ቅርጫት ሲንሳፈፍ ይታያል። ከዚያ መሸና ሴትዮዋ ወደ ቤቷ ስትገባ አየናት፤ ነጭ ለብሳለች፣ ፀጉሯ ተበትኗል። «ተርፋለች!» ብዬ ልተርክ አፌን ስከፍት ዓይኔ ወደ ታች ወረደ። እግር የላትም።

ባልዋ ያያታል፣ አማቷ ታያታለች፣ ጎረቤቶቹ ያዩዋታል። መሞቷን ሁሉም ያውቃል። እሷ ብቻ አታውቅም። ጎረቤቶቹ ጓሮ ተሰብስበው ይመካከራሉ፦ እንዳትነግሯት። ወይ ጉዴ! ይሄ እኮ የኛው ግሩፕ ነው!

«ምን ሆና ነው?» አሉ ጋሽ ደምሴ።

«ከውጭ መጥታ ነው» አልኩ፣ ከየት እንደመጣልኝ አላውቅም።

«ከየት ውጭ?»

«ከሩቅ አገር። ሠርታ ተመልሳ። ሰዉ ግር ብሎ ሲያያት አያዩም?»

«ታዲያ ምነው ፊታቸው ጠቆረ?»

«ስጦታ አልደረሳቸውማ።»

ጋሽ ደምሴ ሳቁ። ልቤ ትንሽ መለስ አለ። ሴትዮዋ እራት ቀርቦላት አልነካ አለች።

«ምነው አትበላም?»

«ከውጭ የመጣ ሰው ያው ነው። ሆዷ አልለመደም። የታሸገ ውሃ ብቻ ነው።»

«ሰዉ ተኝቶ እሷ ምን ያዞራታል?»

«ጄት ላግ። ሩቅ ተጉዞ የመጣ ሰው ሌሊት እንቅልፍ የለውም።»

«በጀልባ ዘመን ጄት ከየት መጣ?»

«ጀልባም ሩቅ ከሄደ ያው ነው።»

«ፊቷስ ለምን እንዲህ ነጣ?»

«ክሬም።»

«እግሯስ?»

እዚህ ላይ ትንሽ ተደናቀፍኩ። «ካሜራው አርጅቶ ነው» አልኩ።

«ከላይ ሳያረጅ ከታች ብቻ?»

«ካሜራ ሲያረጅ ከታች ነው የሚጀምረው ጋሼ። እንደ ሰው።»

«ጉልበቴን አትንካብኝ!» አሉና ሳቃቸው እስኪያስላቸው ድረስ ሳቁ። ዓይናቸውን በጋቢው ጫፍ ጠረጉ። እኔ የሳቅ እንባ ነው ብዬ ተደሰትኩ። እንዲያውም በኩራት ውሃ ጠጣሁ።

በዚህ መሃል በረዶ ጣለ። የኦሮራን የሐምሌ በረዶ ታውቁታላችሁ፤ እንደ እንቁላል ነው። ፊልሙን አቁመን ብርድ ልብስና የሶፋ ትራስ ተሸክመን ሮጥን፤ እንደ ሰፈሩ ሰው ሁሉ፣ የሳቸውን መኪና እንደ ሕፃን ሸፋፍነን ተመለስን። ጋራዡን ሳልፍ የታሸገ ውሃ እስከ ጣሪያ ተቆልሎ አየሁ። «ይሄ ሁሉ ለምን?» አልኳቸው። «ቅናሽ ነበር» አሉ። አለፍኩት። እኔ የማላልፈው ወሬ እንጂ ማስረጃ አይደለም።

ፊልሙ ወደ መጨረሻው ደረሰ። ሴትዮዋና አማቷ በሕይወት ሳሉ አይዋደዱም ነበር፤ መጀመሪያው ላይ ሲጨቃጨቁ አይተናል። አሁን ግን ሁሉም የፈራውን የመንገር ሥራ አሮጊቷ አማቷ ያዘችው። መጥታ ከሙቷ ጎን ተቀመጠች። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል። ጽሑፍ አልወጣም። ረጅም ነው የምታወራው። ሴትዮዋ ቀስ እያለች አንገቷን ትደፋለች።

ጄት ላግ እዚህ አይሠራም። ስጦታም አይሠራም። በሕይወቴ ቃል ያጣሁበት ጊዜ ያ ነው። ከቴሌቪዥኑ ጎን እንደ ግንድ ቆሜ ቀረሁ።

ጋሽ ደምሴ ከሶፋው ሆነው በቀስታ ጀመሩ። «ምን እያለቻት መሰለህ? ‹ልጄ፣ እህሉ ተፈጭቷል። ውሃው ተቀድቷል። ልጆቹ ጠግበው ተኝተዋል። የቀረሽ ሥራ የለም። ደክመሻል። አሁን ሂጂ፤ በሩን እኛ እንዘጋዋለን።› እንዲህ ነው የምትላት።»

ሴትዮዋ ለአሮጊቷ እጅ ነሳች። ተነሳች። ግድግዳው በሆዷ ውስጥ አለፈ። ጠፋች። ያ ሁለት ጊዜ የተነሳ ፊልም እንደሆነ፣ ወደ ኋላ ተጠንጥኖ እንደሆነ አሳምሬ አውቃለሁ። አላስረዳሁም።

ቴሌቪዥኑ ከጠፋ በኋላ ጋሽ ደምሴ ስለ ልጅነታቸው ነገሩኝ። እናታቸው ሲሞቱ የሰባት ዓመት ልጅ ነበሩ። ትልልቆቹ ሰዎች ለልጅ አይነገርም ብለው ጎረቤት ቤት አስቀመጧቸው። ሁሉም ዳቦ ይሰጣቸዋል፣ ማንም ዓይናቸውን አያያቸውም። በሦስተኛው ቀን እህታቸው አስካለ፣ የአሥራ አራት ዓመት ልጅ፣ እጃቸውን ይዛ ወደ ውሃው ወሰደቻቸው። ፊታቸውን አጠበቻቸው። በቀሚሷ አደረቀቻቸው። ከዚያ ነገረቻቸው።

«‹መርዶ ታጥቦ ነው የሚሰማው› አለችኝ» አሉኝ። «ደንብ ይኑረው አይኑረው አላውቅም። ከራሷ አውጥታው ይሆናል። ልጅ አይደለች?»

«ከዚያስ?» አልኳቸው። ለመጀመሪያ ጊዜ እኔ አልኳቸው።

«ከዚያማ አለቀስን። ለሁለት ስትሆን ይወጣልሃል።»

ልጃቸው ሰላም ማታ እኛ ቤት ገባች። ማንም በደንብ አልተኛም። ከሌሊቱ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ፣ በደንቡ መሠረት መኪኖቹ ሁለት ብሎክ ርቀው ፓርክ ተደርገው፣ አሥራ አምስት የምንሆን ሰዎች በሣሩ ላይ በጫማችን ጫፍ ሄድን። ፊት ፊት የሚሄዱት ጋሽ ከበደ ናቸው፤ በሰፈራችን መርዶ ነጋሪ እሳቸው ናቸው፣ ልምድ አላቸው። እናቴ ሰላምን አቅፋለች። ጋሽ ከበደ እጃቸውን ለማንኳኳት ገና ሲያነሱ የበረንዳው መብራት በራ። በሩ ተከፈተ።

ጋሽ ደምሴ ጥቁር ኮት ለብሰዋል። ፊታቸው ታጥቧል። ውሃው ከፂማቸው ላይ ጠብ፣ ጠብ ይላል።

እኔ በዚያች ሰከንድ ገባኝ። ሌላው ማንም አልገባውም። የውሃውን ነገር የሰማሁት እኔ ብቻ ነበርኩ።

ወደ ውስጥ ገባን። ሳሎኑ ውስጥ ሠላሳ የሚታጠፍ ወንበር ግድግዳውን ተከትሎ ተደርድሯል። ጋሽ ከበደ ወንበሩን አይተው ነገሩ ጠፋባቸው። የመርዶ መግቢያ ዙሪያ ጥምጥም ነው፤ ስለ ጤና ይነሳል፣ ስለ ዝናብ ይነሳል። «እንዲያው... በዚህ ስናልፍ...» አሉ። በሌሊቱ አሥራ አንድ ሰዓት፣ አሥራ አምስት ሆነን፣ ጥቁር ለብሰን፣ በዚህ ስናልፍ!

«እንኳን መጣችሁ» አሉ ጋሽ ደምሴ። ተቀመጡ። ሁለቱን እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው፣ ጋሽ ከበደ እየተጎተቱ እስኪጨርሱ ድረስ፣ ሳያቋርጡ ሰሙ። ማዳመጥ መቼም የሚችሉት ነገር ነው። ሲጨርሱላቸው «እታለሜ!» ብለው ጮኹ። ያ ጩኸት የማስመሰል አልነበረም። ሰላም አንገታቸው ላይ ተጠመጠመች። ቤቱ አንድ ላይ አለቀሰ።

«ምስኪን፣ ምንም አልጠረጠሩም» አለች እናቴ አፍንጫዋን እየጠረገች። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ!

ወደ ቀትር ላይ ውሃ ላመጣ ጋራዥ ገባሁ። ተከትለውኝ መጡ። «ስልኬ አፕዴቱን ጨረሰ ወይ?» አሉኝ። ከኪሴ አውጥቼ ሰጠኋቸው። ከፍተው ወደ እኔ አዞሩት። «እሁድ ጠዋት» ይላል። ከላይ የመጀመሪያው መስመር ላይ ናቲ ወደ ግሩፑ አስገብቶዎታል ይላል። ናቲ እኔ ነኝ። ከሱ በታች የእናቴ መልእክት አለ፦ «ነፍስ ይማር፣ እትዬ አስካለ ዐርፈዋል። ለጋሽ ደምሴ እሁድ ጠዋት ነው የምንነግራቸው። አደራ፣ እንዳይሰሙ።»

የእድሩን ሰው ሁሉ አዛወርኩ አላልኳችሁም? ጋሽ ደምሴስ የእድሩ ሰው አይደሉም? የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል። እኔ መልቀሚያም አልተረፈኝም።

«ሐሙስ ማታ ነው» አሉ። «እራት እየበላሁ።»

ማልቀስ ጀመርኩ። ያን ሁሉ ሰዓት ሳላለቅስ፣ ውሃ ካርቶን ላይ ተቀምጬ ተንሰቀሰቅሁ። ብቻቸውን! ሐሙስ ማታ፣ ዓርብ ቀኑን ሙሉ፣ ቅዳሜ ከነጄት ላጌ! «ለምን ዝም አሉ? ለምን አልደወሉልንም?» አልኳቸው።

አጠገቤ ተቀመጡ። ጉልበታቸውን እየያዙ፣ ቀስ ብለው። «መጀመሪያ ልጮህ ነበር» አሉ። «ከዚያ ስልኩ ዝዝ አለ፤ አነበብኩ። አንዷ የደም ግፊት መለኪያ ላምጣ ትላለች። አንዱ ትራሱን ከፍ እናድርግለት ይላል። ሃያ ሦስት ሰው እንዳልሰማ ሲጨነቅልኝ አየሁ። እንዲህ የተጨነቀልኝ ሰው አስካለ ብቻ ነበረች። ታዲያ ሰምቻለሁ ብዬ ልበትናችሁ? ደግሞ እናንተ እስክትነግሩኝ እሷም አለች። ሁለት ቀን ጨመራችሁልኝ። በዚያ ላይ አንብቤ አንብቤ ወንበር የሚያመጣ እንደሌለ ገባኝ። ሄጄ ተከራየሁ።»

«እኔ ነኝ ያረዳሁዎት» አልኩ።

«አንተ ነህ። ክፉ አላረዳኸኝም። በሕይወትህ አንድ ነገር ሳታብራራ የነገርከኝ ያን ቀን ብቻ ነው።»

ከዚያ አደራ አሉኝ። ለማንም አትንገር፤ በተለይ ለእናትህ፤ ደግ ሰው ናት፣ ትደነግጣለች። እኔ! ምስጢር! ግን ያዝኩ። እስከ አርባው ድረስ ያዝኩ። ሻትሉ ውስጥ ስንቱ ተሳፋሪ ከኋላዬ ተቀምጦ፣ ምላሴን ነክሼ ነዳሁ። ሻንጣ የረሳ የለም። በእነዚያ ቀናት አንድ ነገር ሳስብ ነበር። የጃፓኑ ፊልም ላይ ሁሉም ያውቃል፣ ሙቷ ብቻ አታውቅም። እኛ ጋ ተገልብጦ ነበር። በዚያ ግሩፕ ውስጥ ጣረ ሞቱ ጋሽ ደምሴ ነበሩ፦ ከመሃላችን ሆነው ሁሉን ያያሉ፣ የሚያያቸው የለም፣ ወንበራችንን እንኳ ይደረድሩልናል። ሙታን ቤት የሚመለሱት ለማስፈራራት ነው ያለው ማነው? ወንበር ጎድሎ እንደሆነስ?

ግሩፑ አልተዘጋም። የአርባውን ነገር የሚመካከሩት እዚያው ነበር። ማን ዳቦ ይድፋ፣ ማን ንፍሮ ይቀቅል፤ በየመሃሉ «ለጋሽ ደምሴ እንዳትነግሩ፣ እንዳይቸገሩ» ይላሉ። አርባው በሰላም ወጣ። በማግስቱ ሶፋ ላይ ጋደም ብያለሁ፤ እናቴ ወጥ ቤት ናት፤ ስልኳ አጠገቧ ነው። ግራ ኪሴ ዝዝ አለ። አወጣሁት። «እሁድ ጠዋት» ነው። ጋሽ ደምሴ ለመጀመሪያ ጊዜ ጽፈዋል።

«ናቲ፣ ያቺ ሴትዮ ጄት ላጉ ለቀቃት? ወንበሩን ነገ እመልሳለሁ፤ የሚያግዘኝ ካለ።»

የጸሎት ምልክት የላከ የለም። ሃያ ሦስት ስልክ ትንፋሹን ዋጠ። ወጥ ቤት የእናቴ ማማሰያ ቆመ። ጓሮ ያለው ዛፍ እንኳ ቅጠሉን ያዘ።

ከዚያ ከወጥ ቤት እናቴ ስሜን ጠራች። ድምፅ አልባው ዘመን ያበቃው ያኔ ነው።